ባለበት ይቆይ የተባለው መኪና

ለምወድሽና ለምናፍቅሽ እታለም፤

ከሰላምታ በፊት አንድ የእምነት ቃል አለኝ። እኔ፣ ዕድሜዬ አሥራ ስድስት፣ አድራሻዬ ከደረጃው ሥር ያለችው ጠባብ ክፍል፣ ለእማዬ የላክሽላትን የእጅ ክሬም ማንም ሳያስገድደኝ፣ በሙሉ አእምሮዬና በሁለት እጄ ጨርሼዋለሁ። ባዶውን ዕቃ በተራ ቫዝሊን ሞልቼ ቦታው መልሻለሁ። እማዬ ጠዋት ጠዋት እየተቀባች «የሩቅ አገር ነገር እኮ ሌላ ነው፣ እስቲ ቆዳዬን እዩት» እያለች ጎረቤት ታስነካለች። ቅጣቴ እንዲቀልልኝ በትሕትና እያመለከትኩ ወደ ሰላምታዬ አልፋለሁ። እንዲህ እንደ ፍርድ ቤት የምናገረው ወድጄ አይደለም፤ ምክንያቱን አሁን ትሰሚዋለሽ።

እንዴት ነሽልኝ? እንደምን ከረምሽ? ጤናሽ እንዴት ነው? ያ የሚያስቸግርሽ ጥርስ ተነቀለ ወይስ አሁንም እያባበልሽው ነው? የሆስፒታሉ ልብስ ማጠቢያ ውስጥ አሁንም ቆማችሁ ነው የምትውሉት? እማዬ «በደንብ ትበላለች ወይ ብለሽ ጠይቂልኝ» ብላኛለች፤ እኔ ግን ከላክሽው ፎቶግራፍ ላይ ጉንጭሽን አይቼ መልሱን ነግሬያታለሁ። እኛ ሁላችንም ደህና ነን። ትንሹ ወንድማችን ሁለት ጥርስ አውልቋል። አባባን አየር ሊለወጥ ሲል ዳሌያቸው ከሬዲዮው ቀድሞ ይነግራቸዋል። እኔን አሁንም «ፌንጣ» ነው የሚሉኝ፤ የልጅ ልጃቸው ቁመት ከእሳቸው መብለጡን ገና አልተቀበሉትም።

ስለ ልደት ማስረጃሽ፦ ፖስታውን አታራግፊው፣ እዚህ ውስጥ የለም። አትደንግጪ ደግሞ። ወረቀቱ ምን እንደደረሰበት ከመጀመሪያው መስመር ብነግርሽ የቀረውን እንደማታነቢው ስለማውቅ፣ ተራውን ጠብቆ ይመጣል።

ነገሩ እንዲህ ነው። ከቤታችን ፊት ለፊት ያለው የአካባቢ አስተዳደር ጽሕፈት ቤት፣ አንቺ ስትሄጂ ግድግዳው ቢጫ የነበረው፣ ከአውራ ጎዳናው ማዶ ወደተሠራ ባለ አራት ፎቅ ሕንጻ እንዲዛወር ተወሰነ። ማስታወቂያው በሩ ላይ ተለጠፈ። አባባ ወርደው በማጉያ መነጽራቸው ሁለት ጊዜ አነበቡት። ታውቂያቸዋለሽ፤ ጡረታ ከወጡ ጀምሮ ያንን መሥሪያ ቤት በመስኮት የሚያስተዳድሩት እሳቸው ናቸው። ኃላፊው ስንት ሰዓት እንደሚገባ ከሰውየው ሚስት በላይ ያውቃሉ። ተመልሰው ወጡና «ይሄ ነገር በዚህ አያበቃም» አሉ። ከዚያ ቀን ጀምሮ ቤታችን የጠበቃ ቢሮ ሆነ፤ የጎደለው ጠበቃ ብቻ ነው።

ከሣሽ አባባ ሆኑ፣ የሃያ ዘጠኝ ፈራሚ ጎረቤቶች ወኪል። ቀኝ እጃቸው ልብስ ሰፊው ጎረቤታችን ናቸው። እኚህ ሰውዬ አሁን ሰፈሩ ሁሉ «ጋሽ ይግባኝ» ነው የሚላቸው፤ ገና ክስ ሳይመሠረት «ይግባኝ እንላለን!» ስላሉ። ሱቃቸው ከጽሕፈት ቤቱ በር ጎን ስለሆነ፣ ተራ የሚጠብቅ ሰው ሁሉ ሱሪውን የሚያሳጥረው እሳቸው ዘንድ ነው። እኔ ደግሞ ጽሕፈቴ ያምራል ተብሎ ጸሐፊ ሆኜ ተሾምኩ። ሹመቱ ደመወዝ የለውም፣ ቁጣ ግን አለው። አባባ «ክቡር ፍርድ ቤት» የሚለውን ሲያስጽፉኝ ከወንበራቸው ይነሣሉ፤ ዳሌያቸው እስኪያነሣቸው ድረስ እኔ ብዕሬን ይዤ እጠብቃለሁ። የመጀመሪያው ረቂቅ አሥራ አንድ ገጽ ነበር፤ ስድስቱ ገጽ አባባ ወጣት ሳሉ ስለዘረጓቸው መንገዶች ነው።

እግዱ የመጣው በመዛወሪያው ቀን ነው። ታኅሣሥ መጀመሪያ ላይ ትልቅ የጭነት መኪና ግቢው ውስጥ ገብቶ የመዝገብ ቤቱን ሳጥኖች በሙሉ ጫነ፣ ሸራ ተወጠረበት፣ ሾፌሩም ጋቢናው ውስጥ ገብቶ በሩን ዘጋ። በዚያች ቅጽበት የፍርድ ቤቱ መልእክተኛ በብስክሌት ከተፍ አለ። ትእዛዙ «ጉዳዩ ውሳኔ እስኪያገኝ ማናቸውም የጽሕፈት ቤቱ ሰነድና ንብረት ባለበት ይቆይ» ይላል። አባባ ኮታቸውን ለብሰው እስኪወርዱ ጋሽ ይግባኝ መቀሳቸውን እንደያዙ እልል ብለዋል። ሳቅ ያመለጠኝ እኔ ብቻ ነኝ።

ኃላፊው ወረቀቱን አነበበ፣ አጠፈ፣ ኪሱ ከተተና «እሺ» አለ። አባባ «እንግዲህ ሳጥኖቹ ይውረዱ» አሉት። «ማን? እኔ?» አለ ሰውየው፤ «ባለበት ይቆይ ነው እኮ የሚለው፣ አባቴ። ሰነዱ ያለበት መኪናው ላይ ነው። አንዲት ሳጥን ባወርድ ነገ ትእዛዝ ጣሰ ብላችሁ ትከሱኛላችሁ።» ያንን ዐረፍተ ነገር በቃላቸው ያስጻፉኝ ራሳቸው አባባ ናቸው። «ጠንከር ይበል» ብለው «ማናቸውም» የምትለዋን ያስጨመሩኝም እሳቸው ናቸው።

እንግዲህ መኪናው ቆመልሽ። ሾፌሩ በየጠዋቱ እየመጣ ጋቢናው ውስጥ ተቀምጦ ሬዲዮ ይሰማል፤ በሦስተኛው ሳምንት ሸሚዙን አጥቦ የጎን መስተዋቱ ላይ ማስጣት ጀመረ። ሽማግሌዎቹ ደግሞ መኪናው ተደብቆ እንዳይሄድ በፈረቃ ይጠብቁታል፤ የሚቀመጡት በእኛ የምግብ ጠረጴዛ ወንበሮች ስለሆነ እኛ ምሳችንን ቆመን በላን። አባባና ሾፌሩ በደንቡ ጠላቶች መሆን ነበረባቸው፤ በሁለተኛው ሳምንት ግን ዳማ ይጫወቱ ነበር። ወረቀት ፈልጎ የመጣ ሰው ሁሉ «መዝገብህ መኪናው ላይ ነው» እየተባለ ይመለሳል። ሰዉ መጀመሪያ ኃላፊውን ይረግም ነበር፤ እየቆየ አባባን መርገም ጀመረ። አንድ ሙሽራ የጋብቻ ምዝገባው ቢቀርበት እያያቸው ሰላምታ ነፍጓቸው አለፈ። አባባ «ለመብት ሲባል ትንሽ ትዕግሥት ያስፈልጋል» አሉ፤ ሙሽራው ግን ሩቅ ሄዶ ነበር።

ደብዳቤሽ የደረሰን በዚህ መሐል፣ በጥር መጨረሻ ነው። እንደተለመደው ጮክ ብዬ ያነበብኩት እኔ ነኝ። የነርስ ትምህርት ቤቱ እንደተቀበለሽ ሳነብ እማዬ እጇን አፏ ላይ አደረገች። አዲስ የተሰጠ የልደት ማስረጃ እስከ መጋቢት ዐሥር ካልደረሰሽ ቦታሽ ለሌላ እንደሚሰጥ፣ አራት ዓመት አንሶላ አጥበሽ ያገኘሽው ዕድል እንደሆነና ሁለተኛ እንደማይገኝ ሳነብ ደግሞ አወረደችው። አባባ «የያዘችው ወረቀትስ?» አሉ። አሮጌውን አንቀበልም እንዳሉሽ አነበብኩላቸው። እማዬ ቀስ ብላ «አባዬ፣ የልጅቷ መዝገብ የት ነው ያለው?» አለች። ሦስታችንም እኩል ወደ መስኮቱ ዞርን። ሸራው በነፋስ ይርገበገባል፤ ሾፌሩ ጺሙን ይላጫል።

አባባ በማግሥቱ «አንድ መዝገብ ብቻ ወጥቶ ይመለስ» የሚል ማመልከቻ አስጻፉኝ። የፍርድ ቤቷ ጸሐፊ ተቀብላ «በቀጠሮው ቀን ይታያል» አለቻቸው። ቀጠሮው የካቲት ዐሥራ ሁለት ስለነበር አባባ አልከፋቸውም። «በዚያ ቀን እናሸንፋለን፣ ሳጥኖቹም በክብር ወደ ቦታቸው ይወርዳሉ» አሉ። እርግጠኛ ነበሩ፤ ማስረጃቸው እግራቸው ነበራ።

ይህን ላስረዳሽ። የአስተዳደሩ የራሱ መመሪያ፣ ጽሕፈት ቤት ከሚያገለግለው ሰፈር ከአራት ኪሎ ሜትር በላይ አይርቅም ይላል። አባባ ደግሞ አርባ ዓመት መንገድ ቀያሽ አይደሉ? «የእኔ እርምጃ ሰባ አምስት ሴንቲ ሜትር ናት፤ ሜትር ይሳሳታል እንጂ እሷ አትሳሳትም» ይላሉ። ስለዚህ ክሱ ሲጀመር ከአሮጌው በር እስከ አዲሱ ሕንጻ በእግራቸው ለክተውት ነበር። እኔ መቶ በተባለ ቁጥር ደብተር ላይ አንድ ሰረዝ እያሰመርኩ ከኋላ ተከተልኩ። መሐል ላይ የሚያውቁት ሰው ሰላም ቢላቸው ቁጥሩ እንዳይጠፋባቸው ባርኔጣቸውን ብቻ አንሥተው አለፉት፤ ሰውየው እስከ ዛሬ ተቀይሟቸዋል። ስድስት ሺህ ሁለት መቶ አርባ እርምጃ። አባዝተው አራት ሺህ ስድስት መቶ ሰማንያ ሜትር አሉና ከሥሩ ሁለት ጊዜ አሰመሩበት።

በቀጠሮው ቀን ፍርድ ቤቱ ራሱ ያዘዘው ባለሙያ ቀረበ። ማን ቢሆን ጥሩ ነው? ድሮ አባባ ያሠለጠኑት ልጅ። በጎማ መለኪያ ሦስት ጊዜ ለክቶ ሦስት ሺህ አራት መቶ ሠላሳ ሜትር ሆነ። ዳኛዋ ሁለቱን ቁጥሮች አየችና ይህ ሁሉ ልዩነት ከየት መጣ ብላ ጠየቀችው። ልጁ ጫማውን እያየ «ጋሼ ስሌት አይሳሳቱም፤ ምናልባት… የእርምጃው ነገር ይሆናል» አለ። የኃላፊው ጠበቃ ጉሮሮውን ጠረገ። አባባ ዝም ሲሉ ያየሁት ከዚያ በፊት አንድ ጊዜ ብቻ ነው፣ እሱም ጥርስ ሐኪም አፋቸው ውስጥ ሁለት እጁን አስገብቶ ነው። ዳኛዋ ዋናውንም ጉዳይ፣ የአንቺን መዝገብ ማመልከቻም ለመጋቢት ሃያ አራት ቀጠረች። አንቺ መጋቢት ዐሥር፣ እሷ መጋቢት ሃያ አራት።

በማግሥቱ አባባ ጫማቸው ሥር ጠመኔ ቀብተው በኮሪደሩ ላይ ዐሥር እርምጃ ተራመዱ። እኔ የሜትሩን ጫፍ ያዝኩ። አምስት ሜትር ተኩል። እንደገና ተራመዱ። አምስት ሜትር ተኩል። ሦስተኛ ጊዜ ደረታቸውን ነፍተው ሞከሩና ሁለት ሴንቲ ሜትር ጨመሩ፤ ግን ግድግዳ ይዘው ነው። «ሃያ ሴንቲ ሜትሬን የት ጣልኳት?» አሉ፤ እኔን አይደለም፣ ሜትሩን ነው የጠየቁት። እማዬ ጠመኔውን በእርጥብ ጨርቅ ጠረገችው።

ጋሽ ይግባኝ ይህን ሲሰሙ ግን ከመቀመጫቸው ዘለሉ። «አሸነፍን እኮ! በጎረምሳ ጎማ ሦስት ሺህ ከሆነ በእኛ እግር አራት ሺህ ስድስት መቶ ነው! መመሪያው የማንን እግር ነው የሚያውቀው? ወረቀት ፍለጋ የሚመላለሰው ማነው፣ ጎማ ነው?» አሉ። ሲቀልዱ አይደለም፣ እውነታቸውን ነው። ያንን ክርክር በንጹሕ ገጽ ገለበጥኩት፤ እስከ ዛሬ ከጻፍኳቸው ሁሉ የሚያምረው እሱ ነው። እኔ ዳኛ ብሆን ኖሮ እፈርድላቸው ነበር፣ ልጅ ስለሆንኩ ግን የሚጠይቀኝ የለም።

ከዚያ እግዱ ተነሣ።

ዓርብ ዕለት መኪናው ሊሄድ ሲል አልነሣም አለ። አሥራ አንድ ሳምንት ቆሞ ባትሪው ሞቷል። ሾፌሩ ወረደና ግራ ቀኝ አየ። መኪናው እንዳይንቀሳቀስ ወንበር ይዘው ሲጠብቁት የከረሙት ሽማግሌዎች ጭምር ከኋላ ሆነው ገፉት፤ አባባ ከፊት ቆመው «ወደ ግራ! ወደ ግራ አልኩ!» ይላሉ። ያ ሙሽራ እንኳ መጥቶ ገፍቷል። ሞተሩ ተነሣ፤ ሾፌሩ በሩን ከፍቶ «አባባ፣ ይግቡ እንጂ፣ ሰው ነኝ እኮ» አላቸው። ያንን መኪና ያስቆሙት ሰውዬ ጋቢናው ውስጥ ባርኔጣቸውን ጭናቸው ላይ አድርገው ሄዱ። እኔ በመሐላቸው ተቀምጬ ነበር፤ ማርሽ በለወጠ ቁጥር ጉልበቴን ይመታኛል።

አዲሱ ሕንጻ የብረት ወንበርና ቁጥር የሚተፋ ማሽን አለው። እኛ ስድሳ አንድ ደረሰን፣ ገና አንድም ሰው ሳይኖር። የመዝገብ ቤቷ ሠራተኛ ሳጥኖቹን እየከፈተች በዘጠነኛው ላይ አገኘችሽ። ገጽሽን አይቼዋለሁ፤ «አስመዝጋቢ» በሚለው ቦታ የአባባ ፊርማ አለ፣ ያኔ እጃቸው አይንቀጠቀጥም ነበር። ማስረጃው ተጽፎ ማኅተም ሲመታ አባባ በማጉያ መነጽር አዩና «አንድ ጎኑ ደብዝዟል፣ ይደገም» አሉ። ሌላ ወረቀት ተጻፈ። ያም ተመረመረ። ቅዳሜ ጠዋት በአደራ ደብዳቤ ልከነዋል፤ የፖስታ ቤቷ ልጅ በሁለት ሳምንት ውስጥ ይደርሳል ብላለች፣ እኔ በጣቴ ቆጥሬ ከመጋቢት ዐሥር በፊት ነው። እንግዲህ ይኸውልሽ፣ ተራው ደረሰ። አሁን መተንፈስ ትችያለሽ።

አሮጌው ጽሕፈት ቤት ተቆልፏል። ጋሽ ይግባኝ ሱቃቸውን አልዘጉም፣ ግን በር ላይ ተቀምጠው መንገድ ያያሉ። ከአባባ ጋር አይነጋገሩም፤ የራሳቸው ምክንያት አላቸው።

እማዬ ወፍራም ልብስ ልበሺ፣ ጥርሱንም ታይው ብላለች፤ ሳመችሽ በያት ብላ ደግሞ ሁለት ጊዜ አስጽፋኛለች። ትንሹ ወንድማችን ኳስ ላኪልኝ ይላል፤ ለጥርሱ ብለሽ አደራ ጠንካራ እንዳይሆን። አባባ «በርቺ በያት» ብለዋል፣ ሌላ ቃል ብለምናቸው አልጨመሩም። አብራሽ የምትኖረውን ልጅ ሰላም በይልኝ፤ ያቺ ማታ ማታ ሳል የሚያስቸግራት የቤት አከራይሽም ተሻላት ወይ? የልብስ ማጠቢያ ጓደኞችሽንም አንድ በአንድ ሰላም በይልኝ።

እህትሽ፣
ከቤታችን፣ ከደረጃው ሥር
እሑድ የካቲት 23 ቀን

ይህችን ገጽ ለብቻ አንብቢያት። አባባ ደብዳቤውን አንብቢልኝ ሲሉኝ ደህና ደህናውን መርጬ አነበብኩላቸው፤ «መልካም፣ አጭር ነው፣ ይታሸግ» አሉ፣ እኔም ታሽጓል አልኳቸው። እኔ ግን ሆዴ ምስጢር አይቋጥርም።

እግዱን ያነሣው ዳኛ አይደለም። ሐሙስ ጠዋት አባባ ሙሉ ልብሳቸውን ለብሰው፣ ክራቫታቸውን አስረው ቀሰቀሱኝና ወረቀት አምጪ አሉ። ሰባት መስመር ብቻ አስጻፉኝ፣ በሕይወታቸው አጭሩን። «ክሴን በገዛ ፈቃዴ አንሥቻለሁ» ይላል። ምክንያት አልጠቀስንም ብላቸው «ምክንያት የሚጽፍ ሰው ይከራከራል» አሉኝ። ያ የጋሽ ይግባኝ ክርክር ጠረጴዛው ላይ ነበር፤ አጥፈው መሳቢያ ውስጥ ከተቱት። ዳኛዋ ሰው አስገድዷቸው እንደሆነ ጠየቀቻቸው፣ ማንም አሉ። በደንብ አስበውበታል ወይ አለቻቸው፣ «አስቤበታለሁ፣ ለማሰብ ብዙ አልፈጀብኝም» አሉ። ስንወጣ ጋሽ ይግባኝ ደረጃው ላይ ጠበቁን። «እኛን ሃያ ዘጠኛችንን ማን ጠየቀን? ለልጅ ልጅህ ብለህ ነው አይደል?» ብለው ሰው እስኪዞር ጮኹባቸው። አባባ «አዎ» አሉ። ጋሽ ይግባኝ ሜትራቸውን አንገታቸው ላይ እንዳንጠለጠሉ ሄዱ።

መንገድ ላይ «እግዱ ተነሣ በያት፤ ማን እንዳነሣው አትጻፊ። ሸክም ይዛ ክፍል እንዳትገባ» አሉኝ። እሺ አልኳቸው። ስለዚህ አንቺ ምንም አታውቂም፤ ስትጽፊላቸው ስለ ትምህርትሽ ብቻ ጻፊ፣ ረዘም አድርጊው፣ ደግሞ እንዳታመሰግኚያቸው፣ ወዲያው ያውቁብኛል። እኔ ደግሞ ለጋሽ ይግባኝ ያንን ክርክር ከመሳቢያው አውጥቼ ልወስድላቸው እያሰብኩ ነው፣ ሃያ ስምንት ሰው ይዘው እንደ አዲስ ቢከሱ እኮ ማን ይከለክላቸዋል፣ ጸሐፊም አላጡም፣ ብቻ አባባ እንዳይሰሙ

ደረጃው ላይ ቆመዋል። ከመቼ ጀምሮ እንደሆነ እንጃ፣ መነጽራቸውን ይዘዋል፣ «ፌንጣ! ታሽጓል ያልሽኝ ደብዳቤ አሁንም ይጻፋል እንዴ?»